የሙታን ሚዛንና ጠባቂዎቹ

ሰው ሲሞት ወዴት ይሄዳል? በደረሰበትስ ማን ይቀበለዋል? የጥንት ሕዝቦች ለእነዚህ ጥያቄዎች የሰጧቸው መልሶች ልዩ ልዩ ናቸው። አንዱ ሕዝብ ሟቹን በሰባት በሮች ያሳልፈዋል፤ ሁለተኛው በሚዛን ፊት ያቆመዋል፤ ሦስተኛው በጀልባ ወንዝ ያሻግረዋል። ሊቃውንት የሸክላ ጽላቶችን፣ የመቃብር ግድግዳዎችንና የፓፒረስ ጥቅሎችን ለረጅም ዘመን ሲመረምሩ ስለ ቆዩ፣ ዛሬ የሙታንን አማልክት ስምና ሥልጣን መዘርዘር አስቸጋሪ አይደለም።

የዚህ ጽሑፍ ዓላማ ግን ስም መዘርዘር አይደለም። እኛ መሐንዲሶች በየቀኑ ከልክና ከመለኪያ ጋር የምንውል ሰዎች በመሆናችን፣ ነገሩን ከዚሁ ከሙያችን አንጻር ማየቱ ይበልጥ ይጠቅማል ብዬ አምናለሁ። ጥያቄውም፦ ሟቹ የሚለካው በምንድን ነው? የመለኪያውንስ ትክክለኛነት የሚጠብቀው ማን ነው? የሚል ይሆናል። ይህን ይዘን የሜሶጶጣሚያን፣ የግብፅንና የግሪክን የሙታን ዓለም በቅደም ተከተል እንመለከታለን፤ ከዚያም ወደ ራሳችን የግዕዝ መጻሕፍት እንመለሳለን። በጽሑፉ የተጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

መለኪያ የሌለበት አገር

በጤግሮስና በኤፍራጥስ ወንዞች መካከል ይኖሩ የነበሩት ሱመሮችና ከእነርሱ በኋላ የመጡት አካዳውያን የሙታንን ዓለም የማይመለሱበት አገር ይሉት ነበር። የአገሩ ንግሥት ኤሬሽኪጋል ትባላለች። ናምታር የሚባል ባለሟልና ኔቲ የሚባል በረኛ ነበራት። የቸነፈርና የጦርነት አምላክ የሆነው ኔርጋልም ባሏ ሆኖ አብሯት እንደ ነገሠ ይተረካል።

የዚህ አገር መልክ ጎልቶ የሚታየው ስለ ኢናና መውረድ በሚተርከው የሱመር ግጥም ነው። የሰማይ እመቤት የሆነችው ኢናና ወደ እኅቷ ወደ ኤሬሽኪጋል ግዛት ለመውረድ ተነሣች። መንገዷ በሰባት በሮች ስለሚያልፍ በእያንዳንዱ በር ከጌጧና ከልብሷ አንዳንድ እንድታስረክብ ትገደዳለች። በመጀመሪያው በር ዘውዷን፣ በመጨረሻው ልብሷን ሰጥታ ራቁቷን በእኅቷ ዙፋን ፊት ቆመች። ሰባቱ ዳኞችም ሞት ፈረዱባት። በኋላ በጥበብ አምላክ በኤንኪ ብልሃት ሕይወቷ ቢመለስም፣ የአገሩ ሕግ ያለ ምትክ ማንንም አይለቅምና ባሏ ዱሙዚ በእርስዋ ፈንታ ተወሰደ።

በዚህ ትረካ ውስጥ ዳኞች አሉ፤ ይሁን እንጂ የሟቹን በጎና ክፉ ሥራ አይመረምሩም። ንጉሡም ባሪያውም በአንድ ጨለማ ውስጥ አቧራ ይበላሉ፤ እንደ ወፍ ላባ ይለብሳሉ። በሙታን መካከል ልዩነት ካለ ከልጆቻቸው የሚመጣ ነው። በጊልጋሜሽ ታሪክ አሥራ ሁለተኛ ጽላት ላይ ኤንኪዱ በሙታን ዘንድ ያየውን ለጓደኛው ይነግረዋል። እንደ እርሱ አነጋገር፣ አንድ ወንድ ልጅ ብቻ የተወ ሰው ያለቅሳል፤ ሰባት የተወው ግን ከአማልክት ጋር ተቀምጧል። የሚያስበው ወገን የሌለው ደግሞ ከድስት የተፋቀ ቅሪትና በመንገድ የተጣለ ፍርፋሪ ይለቅማል።

በዚህም ምክንያት ቤተሰቡ ለሟቹ በየጊዜው ምግብና ውሃ የማቅረብ ግዴታ ነበረበት። ሥርዓቱ ኪስፑም ይባላል። ውሃው ወደ ሟቹ እንዲወርድም ወደ መቃብሩ የሚያስገባ የሸክላ ቧንቧ የሚጠቀሙበት ጊዜ ነበር። ይህ መስመር የሚሠራው ከላይ ሆኖ ውሃ የሚያፈስ ሰው እስካለ ድረስ ብቻ ነው። ዘሩ የጠፋበት ሰው በሕይወቱ የቱንም ያህል ደግ ቢሆን በሙታን አገር ይጠማል።

ጠላትም ይህን ያውቅ ነበር። የአሦር ንጉሥ አሹርባኒጳል ከክርስቶስ ልደት በፊት በ647 ገደማ ሱሳን ካጠፋ በኋላ የኤላምን ነገሥታት መቃብር አፍርሶ አጥንታቸውን ወደ አገሩ እንዳጋዘ፣ ለመንፈሳቸውም ዕረፍት እንደ ነሳና ምግብና ውሃ እንዳስቀረባቸው በጽሑፎቹ ይመካል። የሙታን ዕጣ በሥራቸው የማይለካ ከሆነ፣ ጉልበት ያለው ሕያው ሰው እንደ ወደደ ሊያደርጋቸው ይችላል ማለት ነው።

በኦሲሪስ ችሎት

የግብፅ ሰዎች አስተሳሰብ ከዚህ በእጅጉ ይለያል። ኦሲሪስ በገዛ ወንድሙ የተገደለ ንጉሥ ነው። ሚስቱ ኢሲስ አስከሬኑን ፈልጋ አገኘች፤ የቀበሮ ራስ ያለው አኑቢስም ገነዘው። ከዚያም ኦሲሪስ የሙታን ንጉሥ ሆነ፤ ልጁ ሆሩስ በሕያዋን ላይ ነገሠ። ኦሲሪስ ብዙ ጊዜ ፊቱ አረንጓዴ ወይም ጥቁር ሆኖ ይሣላል፤ ይህም የሚበቅለው እህልና ወንዙ የሚያመጣው ጥቁር አፈር ምልክት ነው። በ1922 በተገኘው በቱታንክአሙን መቃብር ውስጥ በኦሲሪስ ቅርጽ የተሠራ የእንጨት ሣጥን ነበር፤ በውስጡም የዓባይ ደለል ተሞልቶ እህል ተዘርቶበት ነበር። ያ ደለል በአብዛኛው በዓባይና በተከዜ ጎርፍ ከኢትዮጵያ ደጋ ታጥቦ የሚወርድ በመሆኑ፣ የግብፃውያን የትንሣኤ ምልክት የበቀለው ከአገራችን በሄደ አፈር ላይ ነው ቢባል ማጋነን አይሆንም።

ስለ ወዲያኛው ዓለም የሚናገሩት የግብፅ ጽሑፎች በመጀመሪያ የነገሥታት ብቻ ነበሩ። በሳቃራ በሚገኘው በንጉሥ ኡናስ ፒራሚድ ውስጥ የተቀረጹት ከክርስቶስ ልደት በፊት በ2350 ገደማ ነው። በኋላ ዘመን ተመሳሳይ ጽሑፎች በመኳንንት የሬሳ ሣጥኖች ላይ ተጻፉ። ከ1550 ገደማ ጀምሮ ደግሞ ዋጋውን መክፈል የሚችል ሰው በፓፒረስ አስጽፎ ከራሱ ጋር የሚያስቀብረው ሆነ። ጀርመናዊው ሊቅ ሌፕሲዩስ በ1842 ይህን ስብስብ የሙታን መጽሐፍ ብሎ ሰየመው፤ ግብፃውያን ራሳቸው ግን ወደ ብርሃን ስለ መውጣት የሚናገር መጽሐፍ አድርገው ይጠሩት ነበር።

ከእነዚህ ጥቅሎች እጅግ የታወቀው ከክርስቶስ ልደት በፊት በ1250 ገደማ የተዘጋጀው የአኒ ፓፒረስ ነው። በ1888 ዋሊስ ባጅ ለብሪቲሽ ሙዚየም ገዛው። ርዝመቱ 24 ሜትር ያህል ነው። አኒ የንጉሥ ጸሐፊና የቤተ መቅደስ መባ ሒሳብ ያዥ ነበር። ከጥቅሉ ከፊሉ አስቀድሞ ለገበያ የተጻፈ ሲሆን፣ የባለቤቱ ስም ክፍት ከተተወው ቦታ ላይ በኋላ ተሞልቷል።

የፍርዱ ሥዕል እንዲህ ነው። በመካከል ትልቅ ሚዛን ቆሟል። በአንዱ ሳህን የአኒ ልብ፣ በሌላው የማአት ላባ ተቀምጧል። ማአት ማለት እውነት፣ ፍትሕና የዓለም ሥርዓት ማለት ነው። አኑቢስ ተንበርክኮ የሚዛኑን ትክክለኛነት ይመረምራል። ረጅም ምንቃር ባለው የውሃ ወፍ ራስ የሚሣለው የጽሕፈት አምላክ ቶት ውጤቱን ይመዘግባል። ከጀርባው አሚት የምትባለው፣ ራሷ የአዞ፣ ፊተኛው አካሏ የአንበሳ፣ ኋለኛው የጉማሬ የሆነው አውሬ ትጠብቃለች፤ የወደቀውን ልብ የምትበላው እርስዋ ናት። ያለፈውን ግን ሆሩስ እጁን ይዞ ወደ ኦሲሪስ ዙፋን ያቀርበዋል።

እዚህ ላይ አንድ የተለመደ ስሕተት ማረም ይገባል። ብዙ ሰዎች ልቡ ከላባው እንዲቀል ይፈለግ ነበር ብለው ይተርካሉ። በሥዕሎቹ ላይ ግን የሚዛኑ ክንድ ብዙ ጊዜ ቀጥ ብሎ ነው የሚታየው። የሰው ልብ 300 ግራም ያህል፣ የሰጎን ላባ ጥቂት ግራም ብቻ መሆኑን ከሙታን ጋር ዘወትር የሚሠሩት ገናዦች አያውቁም ነበር ለማለት አይቻልም። ስለዚህ የሚመዘነው ክብደቱ ሳይሆን የሰውዬው ሕይወት ከማአት ጋር መስማማቱ ነው፤ የሚፈለገውም ሁለቱ መተካከላቸው ነው።

ከምዘናው ጋር ሟቹ በችሎቱ ፊት ቃሉን ይሰጣል። በ125ኛው ምዕራፍ እንደ ተጻፈው፣ ያላደረጋቸውን በደሎች በተራ ይቆጥራል፤ በአርባ ሁለት አማልክት ፊትም ለእያንዳንዳቸው አንዳንድ ኃጢአት ይክዳል። መግደል፣ መስረቅና ሐሰት መናገር በዝርዝሩ ውስጥ አሉ። የእኛን ሙያ ሰው የሚያስደንቁት ግን ሌሎቹ ናቸው። ሟቹ የእህል መስፈሪያ እንዳላጎደለ፣ የእርሻ ልክ እንዳላሳነሰ፣ የሰው መሬት እንዳልገፋ፣ በሚዛን ድንጋይ ላይ እንዳልጨመረ፣ የሚዛኑን ቱንቢ እንዳላዛባ ይናገራል። በወቅቱ የሚወርደውን ውሃ እንዳላገደና በሚፈስ ውሃ ላይ ግድብ እንዳልሠራም ይምላል። ኑሮው በመስኖ ላይ በተመሠረተ አገር የላይኛው ገበሬ ቦዩን ቢዘጋ የታችኛው ይራባልና፣ ይህ ከነፍስ ግድያ ጋር በአንድ መዝገብ ቢጻፍ አያስገርምም። እንግዲህ ከሦስት ሺህ ዓመት በፊት የቀያሹ፣ የመዛኙና የውሃ ሠራተኛው ታማኝነት የነፍስ ጉዳይ ሆኖ ተቆጥሮ ነበር ማለት ነው።

ልብን ዝም የሚያሰኝ ቃል

ታሪኩ እዚህ ላይ ቢያበቃ መልካም ነበር። ነገር ግን በዚያው ጥቅል ውስጥ፣ በዚያው የምዘና ሥዕል አጠገብ፣ ሌላ ጽሑፍ አለ። በሊቃውንት ዘንድ 30ለ ተብሎ የሚታወቀው ምዕራፍ ሟቹ ለገዛ ልቡ የሚናገረው ልመና ነው። በሚዛኑ ጠባቂ ፊት እንዳይመሰክርበት፣ በዳኞቹም ዘንድ እንዳይቃወመው ልቡን ይማጸነዋል። ይህ ቃል በጢንዚዛ ቅርጽ በተሠራ ድንጋይ ላይ ተቀርጾ በሟቹ ደረት ላይ ይቀመጥ ነበር።

ይህ ትልቅ ነገር ነው። ሚዛኑ ትክክል ነው፤ ቱንቢው ተመርምሯል፤ መዝጋቢው አይሳሳትም። ሆኖም የሚመዘነው ዕቃ ራሱ እንዳይናገር አስቀድሞ ቃል ተቀብሏል። ግብፃውያን ፍርዱን አጥብቀው የሚያምኑበት ባይሆን ኖሮ ይህን ያህል ባልፈሩት ነበር፤ ስለፈሩት ግን መሸሻ ፈለጉለት። ክሕደቱም ቢሆን አስቀድሞ የተጻፈ፣ ስም ብቻ የሚሞላበት ቅጽ ነበር።

የሕያዋን ችሎት ከዚህ የተሻለ አልነበረም። ንጉሥ ራምሴስ ዘጠነኛ በነገሠ በ16ኛው ዓመት፣ ከክርስቶስ ልደት በፊት በ1110 ገደማ፣ የመቃብር ዘራፊዎች በቴብስ ተይዘው ተመረመሩ። የምርመራው መዝገብ ሁለት ቦታ ተከፍሎ እስከ ዘመናችን ደርሷል፤ አንደኛው ክፍል በ1935 ብራስልስ ውስጥ በአንድ የእንጨት ምስል ሆድ ተደብቆ ተገኘ። በመዝገቡ አሜንፓኑፈር የተባለ ድንጋይ ጠራቢ ከጓደኞቹ ጋር የንጉሥ ሶበክኤምሳፍን መቃብር ሰርስረው እንደ ገቡ፣ የተገነዙትን ንጉሥና ንግሥት ገፈው ሣጥኖቻቸውን እንዳቃጠሉ ይናዘዛል። ያገኙት ወርቅ 160 ዴበን ሲሆን ለስምንት ተካፈሉት፤ ለእያንዳንዱ 20 ዴበን ደረሰው። አንድ ዴበን 91 ግራም ያህል ስለሆነ፣ የአንዱ ድርሻ 1.8 ኪሎ ግራም ገደማ ይሆናል። ሰውዬው ከጥቂት ቀን በኋላ ተያዘ። ነገር ግን የደረሰውን 20 ዴበን ለወረዳው ጸሐፊ ሰጥቶ ተለቀቀ፤ ወደ ጓደኞቹም ተመልሶ ዘረፋውን ቀጠለ።

ወርቁ በሚዛን ተከፋፈለ፤ ድርሻውም ትክክል ነበር። የጎደለው የሚዛኑ ትክክለኛነት ሳይሆን የመዝጋቢው ታማኝነት ነው።

የግሪኮች ጥላዎችና የፕላቶ ማሻሻያ

በግሪኮች ዘንድ ሦስቱ ወንድማማች አማልክት ዓለምን በዕጣ ሲካፈሉ ሰማይ ለዜውስ፣ ባሕር ለፖሲዶን፣ ከምድር በታች ያለው ለሐዴስ ደረሰ። ሐዴስ ክፉ አምላክ አይደለም፤ የተረከበውን የማይመልስ ባለርስት ነው። ሚስቱ ፐርሴፎኒ ከእናቷ ዘንድ ተነጥቃ የተወሰደች ስትሆን፣ የዓመቱን ሢሶ ከእርሱ ጋር፣ የቀረውን በላይኛው ዓለም ታሳልፋለች።

በሆሜር ዘመን አስተሳሰብ ሙታን ጥላዎች ናቸው። ኦዲሴዎስ ከሙታን ጋር በተነጋገረ ጊዜ ጀግናው አኪሌስ በሙታን ሁሉ ላይ ከመንገሥ ይልቅ በምድር ላይ ለአንድ ድሃ ገበሬ ቅጥረኛ ሆኖ መኖር እንደሚሻለው ነገረው። ሚኖስም በዚያ የወርቅ በትር ይዞ በሙታን መካከል ይዳኛል፤ እንደ ግብፅ ግን የእያንዳንዱ ሟች ሕይወት በደጃፉ ላይ አይመዘንም።

ከክርስቶስ ልደት በፊት በአራተኛው መቶ ዓመት መጀመሪያ ፕላቶ ጎርጊያስ በሚባለው መጽሐፉ መጨረሻ ላይ ያስቀመጠው ትረካ ለጥያቄያችን ከሁሉ ይበልጥ ቅርብ ነው። በቀድሞ ዘመን ሰዎች የሚፈረድባቸው በሕይወት እያሉ፣ በሚሞቱበት ቀን፣ በሕያዋን ዳኞች ነበር። ስለዚህም ፍርዱ ይዛባ ነበር፤ የሙታን አለቆችም የማይገባቸው ሰዎች ወደ እነርሱ እየመጡ መሆኑን ለዜውስ አመለከቱ። ዜውስ ጉድለቱን ሲመረምር ምክንያቱን አገኘ። ተከሳሾቹ በመልካም አካል፣ በትውልድና በሀብት ተሸፍነው፣ ምስክሮችንም አስከትለው ይቀርባሉ። ዳኞቹም ቢሆኑ በገዛ ዓይናቸውና ጆሯቸው የተጋረዱ ናቸው።

መፍትሔውም ሦስት ክፍል ነበረው። በመጀመሪያ ሰዎች የሚሞቱበትን ቀን አስቀድመው እንዳያውቁ ተደረገ፤ ይህም ለፍርዱ እንዳይሰናዱ ነው። ሁለተኛ፣ ከሞቱ በኋላ ራቁታቸውን እንዲፈረድባቸው ተወሰነ። ሦስተኛ፣ ዳኛውም የሞተና የተራቆተ እንዲሆን ተደረገ። ራዳማንቱስ ከእስያ፣ አያኮስ ከአውሮፓ የሚመጡትን ይዳኛሉ፤ ሁለቱ ሲጠራጠሩ ሚኖስ የመጨረሻውን ቃል ይሰጣል። ዳኛው የማን ነፍስ መሆኗን ሳያውቅ በነፍሷ ላይ ሐሰትና ግፍ የተዉትን ጠባሳ ያያል፤ እንዲህ ሲመረምር የታላቅ ንጉሥ ነፍስ ሆና ትገኛለች።

አንድ መሐንዲስ ይህን ሲያነብ የሚያውቀውን ነገር ያገኛል። ፕላቶ ስሕተቱን በሦስት ስፍራ ፈልጎታል፤ በሚለካው ነገር፣ በልኬቱ ጊዜና በለኪው። ግብፃውያን ሚዛኑን አጥብቀው ሲጠብቁ የተዉትን ክፍተት ፕላቶ ለመዝጋት ሞክሯል። ተከሳሹ ተሰናድቶ ካልመጣ፣ ልቡን አስቀድሞ ዝም ማሰኘት አይችልምና።

በግዕዝ መጻሕፍት

ወደ ራሳችን ስንመለስ ሁለቱንም አስተሳሰቦች እናገኛለን። ሙሉ ሆኖ የተጠበቀው በግዕዝ ብቻ የሆነው መጽሐፈ ሄኖክ የሙታን ነፍሳት እስከ ፍርድ ቀን ድረስ የጻድቃኑና የኃጥኣኑ ተለያይተው የሚቆዩባቸውን ስፍራዎች ይገልጻል። የሰዎች ሥራ በሚዛን እንደሚመዘንም ይናገራል። ጄምስ ብሩስ የዚህን መጽሐፍ ቅጂዎች በ1773 ወደ አውሮፓ ይዞ በተመለሰ ጊዜ ሊቃውንቱ ያገኙት ለብዙ መቶ ዓመታት የጠፋባቸውን ጽሑፍ ነበር።

በሌላ በኩል ልፋፈ ጽድቅ አለ። የምስጢር ስሞችን የያዘ፣ ከሟች ጋር የሚቀበር፣ መንገዱን ያቀናለታል ተብሎ የታመነበት ጽሑፍ ነው። የአኒን ፓፒረስ የገዛው ያው ዋሊስ ባጅ ልፋፈ ጽድቅን በ1929 አሳትሞ የኢትዮጵያ የሙታን መጽሐፍ ሲል ሰየመው። ንጽጽሩ አንዱ ከሌላው መወለዱን አያስረዳም። የሚያስረዳው፣ ፍርድን የሚያምን ሰው ሁሉ ሚዛኑ ዘንድ ሲደርስ በእጁ የሚይዘው አንድ ነገር እንደሚፈልግ ነው። ይህ ፍርሃት የሚያሳፍር አይደለም፤ ከማንኛችንም የራቀ አይደለም።

መደምደሚያ

ሥራ በጀመርኩባቸው ዓመታት በአንድ ሕንፃ ሥራ ላይ ያየሁትን ልጨምር። ለምርመራ የሚላኩት የኮንክሪት ኩቦች የሚሞሉት ለምሰሶው ከተዘጋጀው ቡኮ አልነበረም፤ ሲሚንቶው በርከት ተደርጎ ለብቻው ከተቦካ ነበር። በ28 ቀን ኩቦቹ ሲጨመቁ ከሚፈለገው በላይ ጥንካሬ አሳዩ። መሣሪያው ትክክል ነበር፤ የላቦራቶሪው ሠራተኛም በሐቀኝነት መዘገበ። እኔ ያየሁትን ለኃላፊዬ የተናገርኩት ሁለተኛው ፎቅ ከተሞላ በኋላ ነው። ምሰሶዎቹ እንደገና ተመርምረው ከፊሎቹ እንዲጠናከሩ ተደረገ፤ በሰው ላይም ጉዳት አልደረሰም። የአኒን ፓፒረስ ሥዕል ባየሁ ቁጥር ግን ትዝ የሚለኝ ያ የሁለት ሳምንት ዝምታዬ ነው።

የጥንት ሰዎች ስለ ሙታን ያሰቡት ብዙው ነገር ዛሬ የሚታመን አይደለም። ኤሬሽኪጋልን የሚፈራ፣ ለሐዴስ የሚሠዋ የለም። ያነሡት ጥያቄ ግን አላረጀም። የሜሶጶጣሚያ ሰዎች መለኪያ በሌለበት ሙታን በጉልበተኛ እጅ እንደሚወድቁ አሳዩን። ግብፃውያን መለኪያውን ሠርተው ጠበቁት፤ ሆኖም የሚለካው ነገር አስቀድሞ ሊሰናዳ እንደሚችል በራሳቸው ጽሑፍ መሰከሩ። ፕላቶም ለኪው ራሱ ካልተራቆተ ልኬቱ ከንቱ መሆኑን አስተማረ።

መሣሪያዎቻችን ከአኑቢስ ሚዛን እጅግ የላቁ ናቸው። ነገር ግን ናሙናውን የሚያነሣው፣ ውጤቱን የሚፈርመውና ያየውን የሚናገረው ዛሬም ሰው ነው። የማኅበራችን አባላት ቱንቢ በምንጥልበት፣ ወሰን በምንተክልበትና ውሃ በምንገድብበት ጊዜ ሁሉ፣ እነዚህን ሦስት ሥራዎች ከነፍስ ጉዳይ የቆጠረ ሕዝብ እንደ ነበረ ብናስታውስ መልካም ነው።